«ልጅ ይሽጣችሁ»

ቅዳሜ
ሳምንት ሙሉ የለፋሁበትን ቪዲዮ ሰው አላየውም። ሁለት ዓመት ኮሜዲ ሠርቼ በደሴ የሚያውቀኝ የሰፈሬ የሆጤ ጎረቤት ብቻ ነው። እናቴ ሆዷን ይዛ ስታየው የሳቀች መሰለኝ። ሕመሟ ነው ለካ።

እሑድ
ኮምቦልቻ ሰርግ። ዱአ ያደረጉት የእናቴ ታላቅ ወንድም ሸህ ይመር ናቸው። የፊት ጥርሳቸው ካለቀ ወዲህ «ሰ» አልታዘዝ ብላቸዋለች፤ «ይስጣችሁ» ማለት አይችሉም። እጃቸውን ዘርግተው «ጤና ይሽጣችሁ! ልጅ ይሽጣችሁ!» ሲሉ ድንኳኑ ሁሉ «አሚን!» ይላል። ለምደዋቸዋል፣ ማንም አይስቅም። እኔ ቀረጽኩ።

ሰኞ
ቆራርጬ ራሴን ባለሱቅ አድርጌ ገባሁበት። እሳቸው «ልጅ ይሽጣችሁ» ሲሉ እኔ ከባንኮኒው ጀርባ «ወንድ ነው ሴት?» እላለሁ። እስከ ማታ አገር አየው! የባጃጅ ሾፌሩ እንኳን «ይሽጥህ!» ብሎ ሰላም አለኝ። ደስ አለኝ፤ ምን እደብቃለሁ።

ማክሰኞ
ጎረቤት ሰደቃ ነበር። አጎቴ እጃቸውን ዘርግተው «ጤና ይሽጣችሁ» ሲሉ ከበሩ በኩል አንዱ ጎረምሳ «በኪሎ ነው?» አለ። ሽማግሌዎቹ ሳይቀሩ አንገታቸውን ደፍተው ሳቁ። አጎቴም ቀልዱ ያመለጣቸው መስሏቸው አብረው ፈገግ አሉ። ስንመለስ «ልጄ፣ ምን አይተው ነው የሻቁት?» አሉኝ።
«እንጃ» አልኩ። አፈርኩ። ግን ጥያቄያቸውንም ብቀርጸው ኖሮ ብዬ ቆጨኝ። እንዲህ ያለሁ ሰው ነኝ።

ረቡዕ
አንዱ ቪዲዮውን አሳያቸው። እስከ መጨረሻው አይተው ስልኩን ለባለቤቱ መለሱ አሉ። ቪዲዮውን አጠፋሁት። ምን ዋጋ አለው፣ ስንቱ ወስዶ ለቆታል። የፈሰሰ ውሃ አይታፈስም።

ሐሙስ
እናቴ ሕመሙ ጠንቶባት ቦሩ ሜዳ ሆስፒታል ተኝታለች። ነገ ኦፕራሲዮን ነው። «ወንድሜ ዱአ ሳያደርጉልኝ አልገባም» አለች። ሄጄ እግራቸው ላይ ወደቅኩ።
«አፉ ይበሉኝ።»
«ተነሽ» አሉኝ። ተነሥ ማለታቸው ነው። ከዚህ በፊት ቢሆን በሳቅ እሞት ነበር።
አብረውኝ መጡ። አልጋዋ አጠገብ ቆመው መጀመሪያ ስልክ ይዤ እንደሆነ እጄን አዩ። ባዶ ነበር። ከዚያ እጃቸውን ዘረጉ። ከንፈራቸው ይንቀሳቀሳል፣ ድምፅ የለም። እናቴ ዓይኗን ጨፍና፣ እጇን ዘርግታ ትጠብቃለች።
«ወንድምዬ፣ ድምፅዎ ምነው? አይሰማኝም እኮ» አለች።
ከንፈራቸውን ማንቀሳቀስ ቀጠሉ። እሷ አሚን የምትልበት ቦታ ጠፋት። እኔም ከንፈራቸውን እያየሁ በግምት «አሚን» አልኩ።