ጥቁሩ ክብ

ፍራንክፈርት፣ ኅዳር 8 ቀን 2006 ዓ.ም.

ልጄ ልዕልት፣ የሕንድ አገር ውሃ ይስማማሽ፤ የአባትሽ ተክልዬ ከፊት ከኋላሽ ይሁኑልሽ። እኔ ደህና ነኝ። የአባትሽን አርባ አወጣን። ማግስቱን ኒደርራድ ሰፈር ወዳለው ሥራዬ ተመለስኩ።

ከፑኔ የላክሽልን የዚያ አገር ሰዎች፣ የማራቲዎች፣ ካላንደር ወጥ ቤት እንደተሰቀለ ነው። አባትሽ በዲያቆንነቱ ጊዜ ባሕረ ሐሳብን በጣቱ ይቆጥር ስለነበር፣ «እነሱም እንደኛ ጾማቸውን ከጨረቃ ነው የሚያወጡት» እያለ ይደሰትበት ነበር። የታች ቤቷ ማራቲ ጎረቤታችን ቫይሻሊ አሁንም የምትጾምበትን ቀን ልታይ ትመጣለች። ያለሱ የሰርግም የመንገድም ቀን አንቆርጥም ትላለች።

አባትሽ ባረፈበት ዕለት ላይ ጥቁር ክብ ታትሟል። ምንድነው ብላት፣ «ጨረቃ የማትታይበት ቀን ነው። የዚያን ቀን ለሞቱብን ሁሉ ምግብ እናቀርባለን» አለችኝ። እሺ ብዬ ድስቴን ማጠብ ቀጠልኩ። እንባም አልመጣልኝም።

የምትመጪበትን ዲሴምበር ሃያ አንድን አባትሽ ከካላንደሩ ምስማር ላይ ባሰረው እርሳስ ከቦት ነበር። ያለፈውን ቀን ደግሞ ጠዋት ጠዋት ይሰርዝ ነበር። ከጥቁሩ ክብ ወዲህ የተሰረዘ ቀን የለም። እኔ ልሰርዝ ብል እጄ እንቢ አለኝ።

ለቀብሩ አልደረስኩም ብለሽ አትብሰልሰዪ። ፈተናሽን አቋርጠሽ አትምጪ ያልኩሽ እኔ ነኝ። ምግብሽን በሰዓቱ ብዪ፤ የቆመ ውሃ አትጠጪ።

መንገድሽን ያቅናልሽ፣ በሰላም ያገናኘን። ስትመጪ የከርሞውን ካላንደር ይዘሽልኝ ነይ። እርሳሱን ከምስማሩ ላይ አልፈታሁትም።

እናትሽ እታለም