እናቴ ዝምተኛ አልነበረችም

እማዬ፣

እኔ የበኩር ልጅሽ ቤዛ፣ በሙሉ ጤንነቴና በሙሉ አእምሮዬ ሆኜ፣ ማንም ሳያስገድደኝ ይህን እናዘዛለሁ፦ ልጪ የተባልኩትን ሽንኩርት ሳልልጥ ጓሮ ተደብቄያለሁ። አክስቶቼ ለሙት ዓመትሽ ድግስ እያለቀሱ ይልጣሉ፤ ግማሹ እንባ የሽንኩርቱ ነው።

ነገ ከተለየሽን ዓመት ይሞላል። የምትስይበት ጠረጴዛ ላይ ቴሌቪዥን ወጥቶበታል። ትንሹ ልጅሽ ናቲ የፊት ጥርሶቹን አውልቆ ሲስቅ አንዱን ካርቱንሽን ይመስላል። አባዬ አሁንም ቤት ሲገባ ቀለምሽን ላለመርገጥ ጥግ ጥጉን ይሄዳል፤ ቀለሙ ከተነሳ ግን ቆይቷል።

የተናደድኩት በጋሼ ነው፣ በታላቅ ወንድምሽ። በቀብርሽ ዕለት የሕይወት ታሪክሽ ሲነበብ የእንጅባራ ዝናብ አቋርጦት የለ? ነገ ድንኳን ውስጥ ከመጀመሪያው ሊያነቡት ነው። ባለፈው ሲለማመዱ ሰማኋቸው፦ «ትሑት፣ ዝምተኛ፣ ታዛዥ መምህርት ነበረች።» ዝምተኛ! አንቺ! የልጆች መጽሐፎችሽንና ካርቱኖችሽን «በትርፍ ጊዜዋም ሥዕል ትሞካክር ነበር» ብለው ዘለሏቸው። ብጠይቃቸው በሽማግሌ የሚያሾፍ ሙጭርጭር ለሙት ዓመት አይሆንም አሉኝ።

እኔም ከዚያን ቀን ጀምሮ አንቺን ማጥናት ያዝኩ። ቅዳሜ በሚኒባስ ጥሊሊ ገበያ ሄድኩ። ትንሽ ሆኜ ገበያ ስትወስጂኝ ድንች ልትገዢ ይመስለኝ ነበር። አንቺ ለካ ያልታተመ ገጽሽን ይዘሽ፣ እናቶቻቸው እስኪሸጡ ለሚጠብቁ ልጆች በአገውኛው፣ በአውንጊ ታነቢ ኖሯል፤ ካልሳቁ ገጹን እዚያው ቀድደሽ ትጥይዋለሽ። አንዲት ድንች ሻጭ ስምሽን ስነግራቸው «ያቺ አስተማሪ! ልጆቹን እያሳቀች ድንቼን ታስደፋብኝ ነበር እኮ!» ብለው ተቆጡ፤ እየሳቁ። ዳንግላ ደግሞ አንድ የባጃጅ ሹፌር፣ «ሽማግሌ አልጭንም» ስላለው ፈረስ የጻፍሽውን ታሪክ ከልጅነቱ ጀምሮ በቃሉ ይዞታል። ተሳፋሪ እየጮኸበት እስከ መጨረሻው ተረከልኝ።

የፈረሱን መጽሐፍ እንደገና ሳየው የጋሼ ነገር ገባኝ። ፈረሱ የጣላቸው ሽማግሌ አፍንጫ ከፈረሱ አፍንጫ ይረዝማል። እንዲህ ያለ አፍንጫ በእንጅባራ አንድ ብቻ ነው።

እና ዛሬ ጠዋት ካርቱኖችሽን ሁሉ ድንኳኑ ውስጥ፣ ከሽማግሌዎቹ መቀመጫ በላይ ሰቀልኳቸው። ነገ ጋሼ «ዝምተኛ» ሲሉ ሰው ሁሉ ቀና ብሎ ይይ።

እማዬ፣ በጨዋ ወረቀት ሁለተኛ እንዲቀብሩሽ አልፈቅድም። እኔ የማስታውስሽ ምላስሽን በከንፈርሽ ጥግ አውጥተሽ ስትስይ፣ በራስሽ ሥዕል ቀድመሽ ስትስቂ ነው። ለናቲም የምነግረው ይህችኑ እናት ነው።

ጋሼ መጡ። ድንኳኑ ውስጥ ገቡ።

«ቤዛ! አንቺ ቤዛ! ይኼን ማን ሰቀለው?»

ልውጣና «እኔ ነኝ ጋሼ፣ አይወርድም» ልበላቸው።