ጀርባሽን አዙረሽ የሰማሽው ሰላጣ

ውድ ፊርደውስ፣

እንደምን ሰነበትሽ? እኛ ደህና ነን። ይህችን ቃል ከጻፍኳት በኋላ ደግሜ አየኋት፤ እንዲያው ለወጉ የተጻፈች እንዳትሆን ብዬ። አይደለችም። እውነትም ደህና ነን።

ባለፈው ዓርብ ከጅዳ ስትደውዪ፣ ስለ ባለቤቴ ስለ ብርሀንነሽ ልነግርሽ አፌን ሳልከፍት «ጋሼ አምላኩ፣ ድምፁስ?» ብለሽ ጠየቅሽኝ። ኔትወርክ ፍለጋ ወደ አጥሩ ጥግ ስሮጥ መስመሩ ተቋረጠ። ስልኩን ከድንጋይ ጋር ላላትመው ትንሽ ነው የቀረኝ። ስለዚህ መልሴን በወረቀት አደረግሁት፤ የአጎትሽ ልጅ ኡምኩልሱም በሚቀጥለው ሳምንት ወደዚያው ስለምትበር ይዛልሽ ትመጣለች። መልሱ «ጥሩ ነው» ተብሎ የሚያልቅ ስላልሆነ ከሥሩ እጀምራለሁ። የምታውቂውን ስደግምልሽ ታገሺኝ፤ አጠገቤ በነበርሽ ጊዜ ቁጣዬ እየቀደመኝ ያላልኩሽ ብዙ ነገር አለ።

ያኔ፣ ሚሌኒየሙን ልናከብር ጥቂት ወራት ሲቀሩን፣ ብርሀንነሽ ቲቢ ይዟት ከደሴ ስንመለስ ሐኪሙ ያዘዘን ሁለት ነገር ነበር። መድኃኒቱን ሳታቋርጥ ትውሰድ፤ ትብላ። «ካልበላች መድኃኒቱ ብቻውን አያነሳትም» አለኝ። መድኃኒቱን እኔ ራሴ ቆሜ አስውጣት ነበር። መብላቱን ግን ማንን ተቆጥቼ ላስፈጽም? ወጥ ሲቀርብላት የበርበሬው ሽታ ከሩቁ ጉሮሮዋን ያንቃትና ሳሉ ይነሳባታል። አልጫውን ደግሞ «አመድ አመድ ይለኛል» ትላለች። የእጇ አንጓ ላይ ልክ የነበረው የብር አምባር ላላ፤ እጇን ስታነሳ እስከ ክርኗ ድረስ ይንሸራተት ጀመር። ያንን አምባር ላለማየት ፊቴን አዞር ነበር።

ጎረቤቱ አልጨከነብንም፤ ያመጣል። ግን ሳህኑን ደጃፍ ላይ አስቀምጦ፣ ከደጅ ሆኖ «እግዜር ይማርሽ»፣ «አላህ ያሽርሽ» ብሎ ይሄዳል። ሳህኑን ለመውሰድ አይመለስም። ጓዳችን የሰው ሳህን ሞላበት። እንደዚያ ሳህን ያናደደኝ ነገር በሕይወቴ የለም።

አንቺ የመጣሽው በዚህ መሀል ነው። ከጅዳ ከተመለስሽ ገና ብዙም አልቆየሽም። ግድግዳችን አንድ ስለሆነ ሳሏን ትሰሚያለሽ። ሳታንኳኪ ገባሽ፣ አልጋዋ ጫፍ ላይ ተቀመጥሽ፣ ከራስጌዋ የነበረውን ውሃ አንስተሽ ጠጣሽና «ለእኔ ነው ያስቀመጡልኝ፣ እትዬ?» አልሻት። ብርሀንነሽ ከታመመች ወዲህ ያን ቀን ነው ጥርሷን ያየሁት። ስትወጪ ሳህኖቹን ሁሉ በዘንቢል ሰብስበሽ በየደጁ ዞርሽ። በመንገድ ላይ ድምፅሽ ይሰማኝ ነበር፤ «ሳህናችሁ እናንተ ናፍቃችኋት በር በር ስታይ ነበር፤ መለስኳት!» ትያለሽ። በማግስቱ ሰዎች ቤት ድረስ ገብተው መቀመጥ ጀመሩ። ይህን አንድ ነገር ብቻ አድርገሽ ብትቀሪ እንኳ ውለታሽ በዛብኝ እል ነበር።

«ምን አማረዎት?» ብለሽ ጠየቅሻት።

«ምንም።»

«ምንም የሚባል ምግብ እኔ አልችልበትም። ሌላ ይዘዙኝ።»

«ጥርሴ ሥራ ፈታ» አለች። «የሚኮረሸም ነገር ቢሆን... ቆሎው ደግሞ ጉሮሮዬን ይቧጥጠኛል።»

ብድግ አልሽ። «አገኘሁት፣ ወላሂ! ጅዳ አብራኝ የምትሠራው የፊሊፒን ልጅ የምትሠራልን ሰላጣ አለ። ጥሬ ጎመን በዶሮ።»

«ጥሬ ጎመን?» አልኩሽ። «ጊደር ናት እንዴ?»

«ጋሼ፣ ሳይቀምሱ ገመገሙት? ይኼ እኮ የእርስዎ መሥሪያ ቤት አይደለም።»

የግብርና ባለሙያ ሆኜ በኖርኩበት ዘመን ሁሉ በየግምገማው የሚነሳብኝ ነጥብ አንድ ነው፤ ቁጡ ነው። ብርሀንነሽ ይህን ስለምታውቅ ሳቀች። ሳቋ ወደ ሳል ዞረ። እኔም ሳሉ ገና ሳይበርድላት ጎመን ለመግዛት ወስኜ ነበር።

ዶሮዋን በስመ አብ ብዬ እኔ አረድኳት። አንቺ እንደማትቀምሻት የታወቀ ነው፤ በእኛ አገር ይህን ማንም ለማንም አያስረዳም። «እጄ ይነካታል፣ አፌ አይነካትም» አልሽ፣ እጅጌሽን እየሰበሰብሽ። «ጨው ጎደለ ተብዬ እንዳልወቀስ።» እኔ ብልት ላወጣ ቢላዋ ስስል ከእጄ ነጠቅሽኝ። «አስራ ሁለት ቦታ ሊከፋፍሏት ነው? ዶሮ ወጥ ማን አለ?» ሙሉዋን በዝንጅብልና በጨው ቀቅለሽ፣ ስትበርድ ሥጋዋን ከአጥንቷ ለይተሽ በጣትሽ እንደ ክር ተረተርሻት። እኔ ደግሞ አንቺ ጥቅል ጎመኑን ከቧንቧ አጥበሽ ልትከትፊ ስትይ ውሃው ፈልቶ ይቀዝቅዝ ብዬ ድርቅ አልኩ። «ጋሼ፣ እስከዚያ ጎመኑ ያረጃል!» ብለሽ ተነጫነጭሽ፤ እኔም አልተሸነፍኩም። ጥሬ የሚበላ ነገር በበሽተኛ ሆድ አይቀለድበትም። በኋላ ግን ሌሊቱን ደጅ ያደረው የፈላ ውሃ እንደ በረዶ ቀዝቅዞ ጎመኑን እንዴት እንዳጠነከረው አይተሽ «ይኼንን ለፊሊፒኗ እነግራታለሁ» አልሽ። ያቺ ንግግርሽ ከየትኛውም የግምገማ ውጤት ትበልጥብኛለች።

ከዚያ ሶስ ያልሽው ማጣፈጫ መጣ። ፊሊፒኗ የምትጠቀምበት የሰሊጥ ዘይት የለንም፤ ከአባይ ቆላ የመጣ ሰሊጥ ግን ነበረን። አመስሽው፣ በሙቀጫ እስኪረጥብ ወቀጥሽው። ማር፣ የሎሚ ጭማቂ፣ ነጭ ሽንኩርት፣ የተፈጨ ዝንጅብል። ጥቁሩን የአኩሪ አተር ሶስ ወደ ደሴ የሚመላለሰው ሾፌር አራጋው አቀስታ ከተማ ካለው የመንገድ ሠሪዎች ካምፕ፣ ከቻይናዎቹ ወጥ ቤት፣ በአንድ ዘንቢል ቲማቲም ለውጦ አመጣልን። ሶሱ ሥጋ ስለሌለበት እሱን ቀመስሽ፤ ዓይንሽን ጨፍነሽ፣ «ማር ጨምሩበት» አልሽ። ለሚኮረሸመው ደግሞ ለረመዳን የምትሠሩትን የሳምቡሳ ቂጣ በቀጭኑ ቆርጠሽ ጠበስሽ፤ ለውዝም ቆልተሽ ከካሽ። ጎመኑ፣ ካሮቱ፣ የድንብላሉ ቅጠል፣ ዶሮዋ፣ ሁሉም በአንድ ጎድጓዳ ሳህን ሆነ። ሶሱን አፈሰስሽበት፣ ቂጣውን በተንሽበት፣ ወደ አልጋዋ ይዘን ገባን።

ልክ በዚያች ደቂቃ አባትሽ ጋሽ አሕመድኑር በሽተኛ ሊጠይቁ ገቡ።

ማዕድ ቀርቦ፣ ሽማግሌ ተቀምጦ፣ ምርቃት ሳይባል ማን እጁን ይሰዳል? እጃቸውን ዘረጉ። እኛም ዘረጋን። ለበሽተኛዋ ዱዓ አደረጉ። ለእኔ አደረጉ። ለዝናቡ፣ ለመንግሥት፣ በየአረብ አገሩ ለተበተኑት ልጆች፣ ላሞቿ ለታመሙባት ለጎረቤታችን ለእቴቴ ጭምር። «አሚን» እንላለን፤ ሳህኑን አያለሁ፤ ጎመኑ ሲልፈሰፈስ፣ ቂጣው ሶሱን ሲጠጣ፣ ከሥር ውሃ ሲያቁር። በዱዓ መሀል የሚናደድ ሰው ምን ይባላል? እኔ ግን ተናድጄ ነበር፣ ያውም እጄን ዘርግቼ። ሲጨርሱ ብርሀንነሽ አንድ ጉርሻ ወሰደች። አላመጠች። ምንም ድምፅ የለም። ይሉኝታ ይዟት ዋጠችና ሳህኑን ገፋ አደረገችው።

«አባዬ» አልሽ አንቺ፣ «ዱዓው ደረሰ፤ ሰላጣው ግን ሞተ።»

ጋሽ አሕመድኑር ሳህኑን ጎንበስ ብለው አዩት። ከዚያ ጺማቸው እስኪንቀጠቀጥ ሳቁ። «እኔ ምን ላድርግ፣ ልጄ? ወጥ እኮ ይጠብቀኝ ነበር!»

ከጎመኑም ከዶሮዋም የተረፈ ነበር። ሮጠሽ ሄደሽ ደረቁን ለብቻ፣ ሶሱን በኩባያ ለብቻ አመጣሽ። «አሁን ያለ ዱዓ ነው?» ብዬ ጠየቅሁ። «ለዚህኛውም የፊተኛው ይበቃል» አሉ አባትሽ፤ «ከዛሬ ጀምሮ ዱዓው ይቀድማል፣ ሶሱ ይከተላል።» አፈሰስሽ፣ አገላበጥሽ፣ ሰጠሻትና ወደ በሩ ሄደሽ ጀርባሽን ሰጥተሽን ቆምሽ።

«ምን ሆንሽ?» አልኩሽ።

«ዝም ይበሉ፣ ጋሼ። አልቀምሰው፤ ልስማው።»

ኮርሸም። አንድ ጊዜ። ከዚያ ሌላ። ከዚያ ቆም አለና፣ የእኔም ልብ አብሮ ቆመ፤ ቀጥሎ ኮርሸም ኮርሸም እያለ ሳይቋረጥ ሄደ። ሳል የለም። ፊትሽን አላየሁትም፤ ትከሻሽ ግን ወረድ ሲል አየሁ። «አብሽሩ» አልሽ ወደ ደጅ እያየሽ። «ይኼ የምትድን ሴት ድምፅ ነው።»

ክረምቱ በሙሉ እንዲህ አለፈ። በጾሙ የነፍስ አባቷ ፈቀዱላት። ዶሮ ባልተገኘ ጊዜ እንቁላል ገባበት። አንቺ እየቀላቀልሽ፣ አባትሽ አስቀድመው እየመረቁ፣ ብርሀንነሽ እየበላች፣ አንቺ በር ላይ ጀርባሽን ሰጥተሽ እየሰማሽ። ቪዛሽ ደርሶ ስትሄጂ መድኃኒቷ አላለቀም ነበርና ፈራሁ። ቢላውን እኔ ያዝኩ። ብርሀንነሽ የመጀመሪያውን ሥራዬን አይታ «ይኼ ጎመን ነው ወይስ ማገዶ?» አለችኝ። አቀጠንኩት። በላች። እኔም በሩ ላይ ሄጄ ጀርባዬን ሰጥቼ ቆምኩ፤ ማን እንዳስተማረኝ አትጠይቂኝ።

እነሆ መልሱ። አክታዋ ተመርምሮ ነፃ ሆነች። አምባሩ ቦታው ላይ ተቀምጧል፤ በሳሙና ካልሆነ አይወጣም። ግን ስለ ድምፁ የምነግርሽ ትናንት ስለሆነው ነው።

እናትሽ ፋጢማ አንቺ ከሄድሽ ወዲህ ማዕድ ላይ እጇን ሰዳ መመለስ ሆኗል ሥራዋ። ይህንንም በስልክ አትነግርሽም። ብርሀንነሽ ይህን አይታ ትናንት ጎመኑን፣ ሰሊጡን፣ ማሩን በዘንቢል ይዛ በራሷ እግር ወደ ቤታችሁ ሄደች። ዶሮዋን ጋሽ አሕመድኑር በቢስሚላህ አረዱ። በእናትሽ ድስት ተቀቀለች፣ በእናትሽ ሳህን ቀረበች። ብርሀንነሽ ዶሮዋን በጣቷ እየተረተረች «እጄ ይነካታል፣ አፌ አይነካትም» ስትል እናትሽ ድንገት ቀና ብላ አየቻት። ንግግሩ የማን እንደሆነ አውቃለች።

አባትሽ ዱዓውን አስቀደሙ። አጭር ነበር፤ የአንቺን ስም ብቻ ጠሩ። ከዚያ ሶሱ ፈሰሰ።

ብርሀንነሽ ወደ በሩ ሄዳ ጀርባዋን ሰጥታ ቆመች። እኔም አጠገቧ።

ኮርሸም።

«ይቺ ልጅ» አለች እናትሽ አፏ ሙሉ እንደሆነ፣ «ክረምቱን ሙሉ ከግድግዳው ወዲያ ስትሠራው የነበረው ይኼን ነው?» መልስ አልጠበቀችም። ኮርሸም ኮርሸም እያደረገች ሳህኑን ጨረሰችና «ጨምሩልኝ» አለች።

ድምፁ እንዲህ ነው፣ ፊርደውስ። በሁለቱም ቤት።

ስትመጪ ጋሽ አሕመድኑር ያርዳሉ፣ ጎመኑን እኔ አቀጥናለሁ፣ ውሃው ሌሊቱን ደጅ ያድራል። ያን ቀን አንቺ በሩ ላይ አትቆሚም። ማዕዱ ላይ ተቀምጠሽ ትበያለሽ፤ ጀርባችንን ሰጥተን የምንሰማው እኛ ነን።

ሁሉን ሲቆጣ አንቺን ማመስገን የማይረሳ ጎረቤትሽ፣
አምላኩ
መካነ ሰላም