ስለ ሁለተኛው ቤቴ ቁልፍና ስለ ማድ ቤቱ መስኮት

ለተከበሩ የባንኩ የቤት ብድር ክፍል ኃላፊ፤

ከሁሉ አስቀድሜ እንደምን ሰንብተዋል? የእርስዎና የቤተሰብዎ ጤና ልክ እንደ ባንክዎ ወለድ በበዓልም በእሑድም ሳያርፍ፣ እርስዎ ተኝተው እንኳ እያደገ እንዲያድር ከልቤ እመኛለሁ። እኔ ከጉልበቴ ሕመምና ከቤቱ ዝምታ በቀር ደህና ነኝ።

ይህን ደብዳቤ በጋዜጣ ማውጣቴ እርስዎን በሰው ፊት ለማሳጣት እንዳልሆነ እንዲረዱልኝ እለምናለሁ። ከዚህ በፊት የላክኋቸውን ማመልከቻዎች በቢሮዎ በር ላይ የሚቀመጡት ጸሐፊ በታላቅ አክብሮት ተቀብለው፣ ቁጥር ሰጥተው፣ ማኅተም መትተው ከመደርደሪያው ላይ ስላሳረፏቸው የእነርሱን ዕረፍት ማወክ አልወደድኩም፤ ምናልባት ጋዜጣ ሲያገላብጡ ዓይንዎ ያርፍበት ይሆናል ብዬ ነው።

እኔ ጡረታ የወጣሁ የሒሳብ መምህር ነኝ። ከሃያ አምስት ዓመት በፊት በባንክዎ ሦስተኛ ፎቅ፣ ብዕሩ በሰንሰለት ከታሰረበት ጠረጴዛ ፊት ቆሜ የቤት መግዣ ብድር ውል ስፈርም፣ የብድር ሠራተኛው ከመቀመጫው ተነሥቶ ጨበጠኝና «ጋሼ፣ እንኳን ደስ አለዎት፤ ከዛሬ ጀምሮ የቤት ባለቤት ሆኑ» አለኝ። ባለፈው ወር የመጨረሻውን ክፍያ ከፍዬ ስጨርስ ደግሞ ከእርስዎ ቢሮ «እንኳን ደስ አለዎት፤ ከዛሬ ጀምሮ የቤት ባለቤት ሆነዋል» የሚል ደብዳቤ ደረሰኝ። አንድ ሰው የአንድ ቤት ባለቤት ሁለት ጊዜ ሊሆን ስለማይችል፣ ከሁለቱ የደስታ መግለጫዎች አንዱን ለባንኩ መመለስ ይኖርብኝ እንደሆነ፣ የምመልስ ከሆነም ከነወለዱ ይሁን ወይስ ያለ ወለድ እንዲያስታውቁኝ በትሕትና እየጠየቅሁ ወደ አቤቱታዬ እገባለሁ።

አንደኛ፤ የሁለተኛውን ቤቴን ቁልፍ ይመለከታል። ከእርስዎ የተበደርኩት የአንድ ቤት ዋጋ ነበር፤ የመለስኩት ግን የሁለት ቤት ተኩል ነው። ተታለልሁ ብዬ አልከስም፤ ዕድሜዬን ሙሉ የወለድ ሒሳብ ያስተማርኩ ሰው ነኝና ከመፈረሜ በፊት በገዛ እጄ አስልቼዋለሁ። በመጀመሪያው ዓመት ከምከፍለው ከአሥር እጅ ዘጠኙ ያህል ወለድ እንደሚሆን፣ አሥራ ስምንት ዓመት ሙሉ ከከፈልኩ በኋላም ከዋናው ገንዘብ ግማሹ ገና እንደሚቀረኝ አሳምሬ አውቅ ነበር። ያላወቅሁት እነዚያ ተጨማሪ ቤቶች የት እንደቆሙ ብቻ ነው። በባንክዎ ሕንፃ ላይ በየጊዜው የሚጨመሩትን ፎቆች ከመንገዱ ማዶ ሆኜ ስመለከት፣ ከነዚያ መስተዋቶች በስተኋላ አንዱ ክፍል የእኔ ሳይሆን አይቀርም እያልኩ እጽናናለሁ። ቁልፉን ቢያውሱኝ አልፎ አልፎ ሄጄ አናፍሰው ነበር። ግማሹ ቤት ጣራ የሌለው ከሆነ ስለ እርሱ አልጨቀጭቅዎትም።

ሁለተኛ፤ ቶሎ የሚጨርስ ተማሪ ስለሚቀጣበት ሥርዓት ነው። ጡረታ ስወጣ የተሰጠኝን የስንብት ገንዘብ ይዤ ዕዳዬን ቀደም ብዬ ላቃልል ብመጣ፣ ከቀኑ ቀድሞ መክፈል ቅጣት እንዳለው በመልካም ፈገግታ ተነገረኝ። እኔን ያስተማሩኝ ሰዎች አርጩሜ ይዘው ክፍል የሚገቡ ነበሩ፤ በማርፈድም፣ በመሳሳትም፣ በማዛጋትም ተገርፌአለሁ፤ ከሁሉ ቀድሞ ስለጨረሰ የተገረፈ ልጅ ግን አይቼ አላውቅም። በዚሁ አጋጣሚ፣ ቤቴ ቢቃጠል ለእርስዎ ለሚከፈለው መድን በየዓመቱ እኔ ስከፍል መኖሬን፣ ቤቱን ሊገምት ለመጣው ባለሙያዎም የታክሲውን ሒሳብ የሸፈንኩት እኔ መሆኔን የማነሣው ላማርር ሳይሆን፣ ምን ያህል እንደተማመንን ለአንባቢ ለማሳየት ነው።

ሦስተኛው ጉዳይ የማድ ቤቱ መስኮት ነው፤ እዚህ ላይ ትዕግሥትዎን እለምናለሁ።

ቤታችን በአንድ ረድፍ ከተሠሩት፣ እርስ በርሳቸው ከሚመሳሰሉት ቤቶች አንዱ ሲሆን፣ ተቋራጩ ማድ ቤቱን ያለ መስኮት ነው ያስረከበን። ባለቤቴ በጠራራ ፀሐይ መብራት አብርታ ታበስል ነበር። እሷ የስልክ ማዞሪያ ሠራተኛ ነበረች፤ ዕድሜዋን ሙሉ ፊታቸውን አይታ የማታውቃቸውን ሰዎች እርስ በርስ ስታገናኝ ስለኖረች፣ ቢያንስ ቤቷ ስትገባ የምታነጋግረውን ሰው ፊት እያየች ማውራት አማራት። ከግድግዳው ወዲያ የጎረቤታችን የልብስ ሰፊው ሚስት ልብስ የምታሰጣበት ጓሮ ነበር፤ የፈለገችው ያንን ያህል ብቻ ነው።

የረድፉ ነዋሪዎች ሁሉ፣ የእርስዎው ባለዕዳዎች ሆነው ሳለ፣ ማንንም ሳይጠይቁ ግድግዳቸውን በሱ። እኔ ግን «ተበዳሪው ያለ ባንኩ የጽሑፍ ፈቃድ በመያዣው ቤት ላይ ማናቸውንም ለውጥ አያደርግም» ከሚለው አንቀጽ ሥር ስሜን አስፍሬአለሁ፤ የእኔ ዘመን ሰው ደግሞ የፈረመውን ያነባል፣ ያነበበውን ይፈጽማል። ስለዚህ ማመልከቻ ጻፍኩ። «በመታየት ላይ ነው» ተባልኩ። ሁለተኛ ጻፍኩ። አሁንም እየታየ ነበር። ባለቤቴ «ባንኩ ከእኔ ጋር ሽንኩርት ይከትፋል እንዴ? ምን አግብቶት ነው!» ትለኝ ነበር። ልብስ ሰፊውም አጥሩ ላይ ተደግፎ «ጋሼ፣ እርስዎ ደግሞ አበዙት! አንድ ጡብ ለመንቀል ማመልከቻ የሚያስገባ ሰው ከእርስዎ ሌላ በዓለም ላይ አለ?» እያለ ይስቅብኝ ነበር። ለሁለቱም ውል ምን ማለት እንደሆነ ከመጀመሪያው አንቀጽ ጀምሬ አስረዳኋቸው። ባለቤቴ ማብራሪያዬን እስከ መጨረሻው አዳመጠችና መብራቱን አበራች።

እሷ ካረፈች አራት ዓመት ሆናት። ከዚያ በኋላ ሦስተኛው ማመልከቻዬ እየታየ ሳለ ልብስ ሰፊው ቤቱን ወደ እኛ በኩል እስከ ወሰኑ አስፋፋ፤ ለእርሱ የጽሑፍ ፈቃዱ በሁለት ሳምንት ደረሰው። ልዩነቱ ምን እንደሆነ ጸሐፊዎን ብጠይቅ፣ የእርሱ ማስፋፊያ አዲስ ብድር ስለነበረው እንደሆነ በቅንነት አስረዱኝ። ሚስቱም ብዙ ሳትቆይ ወደ ልጆቿ ሄደች። እነሆ አሁን ከዕዳ ነፃ መሆኔን ከሚያበስረው ደብዳቤ ጋር አንዲት ብጣሽ ወረቀት ተያይዛ መጣችልኝ፤ «የማድ ቤት መስኮትን በተመለከተ ያቀረቡት ጥያቄ ውሉ በመጠናቀቁ ምክንያት ተዘግቷል» ትላለች። ጉዳዬን እስከ መጨረሻው ሳይረሱ ስለተከታተሉልኝ እግዜር ይስጥልኝ።

አራተኛውን አቤቱታ ልበለው ወይስ ምስጋና እኔም አልለየሁትም። ወርኃዊውን ክፍያ ለማድረስ ከመደበኛው ሥራዬ ሌላ በማታ ትምህርት ቤት አስተምር ስለነበር፣ ከቤት ስወጣ ልጄ ተኝታ፣ ስመለስም ተኝታ ነበር። ደግነቱ በቀኑ ትምህርት ቤት ሒሳብ የማስተምራት እኔው ስለነበርኩ፣ ልጄን ከሌሎች ልጆች ጋር በሁለተኛው ረድፍ ተቀምጣ አገኛት ነበር። አንድ ቀን ከራሴ ውል የገለበጥኩትን ጥያቄ፣ አንድ ሰው ቤት ለመግዛት ይህን ያህል ገንዘብ በዚህ ያህል ወለድ ለሃያ አምስት ዓመት ቢበደር በጠቅላላው ስንት ይከፍላል የሚለውን፣ ሰሌዳው ላይ ጽፌ ዞር ስል እጇን አውጥታ ቆማለች። «ቲቸር፣ ሰውዬው ቤቱ ውስጥ መቼ ነው የሚቀመጠው?» አለችኝ። ክፍሉ በሳቅ ተናጋ። ክፍል ውስጥ አባት የለምና «ይህ ጥያቄ በመጽሐፉ ውስጥ የለም፤ ተቀመጪ» አልኳት። ተቀመጠች።

ዛሬ ልጄ በመድኃኒት ቤት የምትሠራ፣ በከተማው ወዲያኛው ጫፍ ሁለት ክፍል ተከራይታ የምትኖር ትልቅ ሴት ናት፤ አከራይዋም በየዓመቱ ኪራይ መጨመሩን አይረሳም። የምንገናኘው በስልክ ነው፤ ጤናዬን ትጠይቀኛለች፣ ጤናዋን እጠይቃታለሁ፣ ከዚያ ስልኩን እንዘጋለን። እርስዎ ግን ካርታዬ ከእግድ በተለቀቀ በሳምንቱ፣ ዕዳ የሌለበት የወላጅ ቤት ለልጅ ብድር መያዣ ሊሆን እንደሚችል የሚያስታውቅ መልእክት ላኩላት፤ በዚያው እሑድም በሬ ተንኳኳ። ሸሚዝ ቀየርኩ። ማንም የማይቀመጥበትን ወንበር አቧራ በእጅጌዬ ጠረግሁ። ልጄ ተቀምጣ ከቦርሳዋ የእርስዎን ቅጽ አወጣች። ያም ሆኖ ከቀትር በኋላ ያለውን ጊዜ ከእኔ ጋር ስላሳለፈች ውለታዎ አለብኝ፤ ባለቤቴ ካረፈች ወዲህ እኔ ራሴ ያልቻልኩትን ነው ያደረጉልኝ።

የብድሩ ዘመን ሠላሳ ዓመት ነው። ከፍላ ስትጨርስ እኔ ዛሬ ያለሁበት ዕድሜ ላይ ትደርሳለች። «አስዪው» ብዬ እርሳስ ሰጠኋት፤ በእናቷ ጠረጴዛ ላይ አንድም ስሕተት ሳትሠራ፣ ከእኔ ፈጥና አሰላችው፤ ሦስት ቤት ሊሞላ ጥቂት ቀረው። ያን ጊዜ «እሺ፣ ሴትዮዋ ቤቱ ውስጥ መቼ ነው የምትቀመጠው?» አልኳት። ቀና ብላ አየችኝና «አባዬ፣ ይህ ጥያቄ በመጽሐፉ ውስጥ የለም» አለችኝ።

ይህን ያለችው ያለ ቁጣ ነው፤ እርሳሱንም መለሰችልኝ።

ካርታው ከተለቀቀ ወዲህ ቤቱን ክፍል በክፍል እየዞርኩ አየዋለሁ። ዋጋውን ለማምጣት ውጭ ውጭውን ስሮጥ ስለኖርኩ እኔና ቤቱ ገና መተዋወቃችን ነው፤ የትኛው በር እንደሚንጫጫ፣ ከየትኛው ቧንቧ ውኃ እንደሚንጠባጠብ የማውቀው አሁን ነው። ካሉት አራት ክፍሎች ሦስቱ ውስጥ ሳልገባ ሳምንት ያልፋል፤ ሳስል ድምፄ ከባዶው ክፍል ተመልሶ ይመጣብኛል። ይህን ሁሉ ሳልዘረዝር «ልጄ፣ መጥተሽ እዚህ ኑሪ፤ ካርታውም ወደ ስምሽ ይዛወር፤ ማንም ወለድ አይጠይቅሽም» አልኳት። ቦርሳዋን አንግታ ተነሣች። «እማዬ በቀን መብራት አብርታ ባረጀችበት ማድ ቤት እኔም ላርጅ? ተው እንጂ አባዬ» ብላ፣ እስከ ወሩ መጨረሻ እንድፈርምላት ቅጹን ጠረጴዛው ላይ ትታልኝ ሄደች።

እንግዲህ የተከበሩ ኃላፊ፣ እኔ ባለሁበት ቦታ ቢሆኑ ምን ያደርጉ እንደነበር አልጠይቅዎትም። ብፈርም ልጄን ለሠላሳ ዓመት ለእርስዎ አሳልፌ መስጠቴ ነው፤ ባልፈርም ደግሞ ዳግመኛ በሬን የምታንኳኳበት ምክንያት አይኖራትም። በቁጥር ያልተጻፈ ሒሳብ ማስላት አልተማርኩም፤ ስለዚህ ከምችለው ጀመርኩ፤ በማግሥቱ ግንበኛ ጠራሁ። ግንበኛው መዶሻውን እንዳነሣ «አባባ፣ ፈቃድ ምናምን አያስፈልገውም?» ብሎ ጠየቀኝ። በዕድሜዬ ለመጀመሪያ ጊዜ አንድን ሠራተኛ «አንተን ምን አግብቶህ ነው!» አልኩት፤ ቃሉ የባለቤቴ መሆኑን ያወቅሁት ከአፌ ከወጣ በኋላ ነው።

መስኮቱ እነሆ ተከፍቷል። ፊት ለፊቱ የልብስ ሰፊው ግድግዳ አለ፤ በሁለታችን መካከል ክንድ የማይሞላ ክፍተት ቀርቷል። ይህ እንደሚሆን አስቀድሜ አውቅ ነበር። ነገር ግን ከላይ ጠበብ ያለ ሰማይ ይታያል፤ ፀሐይዋ አናት ላይ ስትደርስም ብርሃን በግድግዳው ላይ ወርዶ እስከ ምድጃው ድረስ ይገባል፤ ጥቂት ቆይቶ ይሄዳል። ያን ጊዜ መብራቱን አጥፍቼ እቀመጣለሁ። ልጄን በመጪው እሑድ መጥተሽ እዪው ብያታለሁ፤ «እስቲ» ብላኛለች። ቅጹ እንዳልተፈረመ ጠረጴዛው ላይ አለ።

ለሃያ አምስት ዓመት አንድም ወር ሳይረሱ ስላስታወሱኝ፣ በዚህ ምድር ላይ በየወሩ ስሜን ጠርቶ የሚጽፍልኝ ብቸኛው ወዳጅ እርስዎ ስለነበሩ፣ ካለፈው ወር ጀምሮ የፖስታ ሣጥኔ ባዶ መሆኑን በምስጋና እየገለጽሁ፣ ለሥራዎ መቃናት፣ ለመደርደሪያዎም ጥንካሬ መልካም ምኞቴን አቀርባለሁ።

ከማይጓደል አክብሮት ጋር፤
የቀድሞው ተበዳሪዎ፣ የአንድ ቤት ነዋሪ፣ የአንድ ቤት ተኩል ቁልፍ ጠባቂ

ግልባጭ፤
ለቢሮዎ መደርደሪያ

ድኅረ ጽሑፍ፤ ደብዳቤውን ለጋዜጣው ሳልሰጥ እሑድ ደረሰና ልጄ መጣች። መስተዋት ገና ካልገባለት መስኮት ፊት ብዙ ቆመች። ቀጥላም የእርስዎን ቅጽ ከጠረጴዛው አንሥታ የመስኮቱ ደፍ ላይ አኖረችና እጇን ልትታጠብ ሄደች፤ ነፋስም መጣና ቅጹን ይዞት ወጣ፣ በሁለቱ ግድግዳዎች መካከል የማናችንም እጅ በማይደርስበት ቦታ ጣለው። ወረቀት ነፋስ ፊት ያለ ክብደት እንደማይቀመጥ በልጅነቷ አስተምሬአታለሁ፤ ከሁለተኛው ረድፍ ሆና ትሰማኝ እንደነበር ግን እስከዚያ ቀን እርግጠኛ አልነበርኩም። እመጣለሁም፣ አልመጣምም አላለችኝም፤ ከመሄዷ በፊት የጠየቀችኝ የጠዋት ፀሐይ የሚገባበት የትኛው ክፍል እንደሆነ ብቻ ነው። ቅጽዎን መልሰው ማግኘት ቢፈልጉ ገማችዎን ይላኩት፤ ቀጭን ሰው ቢሆን ይመረጣል። የታክሲውን ሒሳብ እንደተለመደው እኔ እከፍላለሁ።