እትዬ ጥሩዬ ያልጠሩት ደቦ

ኅዳር 10፣ ሰኞ

ሐሳቤ ትክክል ነበር፤ አሁንም ትክክል ነው እላለሁ።

ጎረቤታችን እትዬ ጥሩዬ ባላቸው ከሞቱ ወዲህ ብቻቸውን ናቸው። ገብሳቸው ደርሶ መርገፍ ሲጀምር አይቼ ዝም ማለት አልሆነልኝም። ትናንት ከቅዳሴ መልስ ላገኘሁት ሁሉ፣ "ነገ የእትዬ ጥሩዬ ደቦ ነው፤ ማጭድ ይዛችሁ ኑ" አልሁ። ባለቤቴ ውዴ "ለእሳቸውስ ነግረሃቸዋል?" ስትለኝ፣ "ለእርዳታ ደግሞ ምን ፈቃድ ያሻል?" ብዬ አፏን አስያዝኋት።

ዛሬ ጠዋት መንደሩን አስከትዬ ከደጃቸው ደረስሁ። እትዬ ጥሩዬ ሰዉን አዩት። ከዚያ ወደ እኔ ጠጋ ብለው በቀስታ፣ "ጠላ አልጠመቅሁ፣ ወጥ አልሠራሁ። ይህን ሁሉ ሰው በምን ላስተናግደው?" አሉኝ።

"ምንም አንፈልግም፤ አጭደን እንሄዳለን።"

"ደቦ ጠርታ በጥሙ ሰደደችው ልባል? ባሌ ሲሞት እንኳ እንዲህ ተብዬ አላውቅም።"

ሰዉን ይዤ ተመለስሁ። ገብስ እየረገፈ ስለ ጠላ ይታሰባል ወይ እያልሁ ቀኑን ሙሉ ስነጫነጭ ዋልሁ።

አመሻሽ ላይ ራሳቸው መጡ። "ደቦዬ የሚመጣው ሰኞ ነው፤ ጠላውም ይደርሳል። አንተም ተጠርተሃል" ብለውኝ ወደሚቀጥለው ቤት አለፉ።

እስከዚያ ትንሽ ይረግፋል። ይርገፍ፤ ገብሱ የእሳቸው ነው። ማጭዴን ስዬ አስቀምጫለሁ።

ለጠላው ጌሾ ላድርስላቸው ብዬ ብድግ ስል ውዴ ቀና ብላ አየችኝ። መልሼ ተቀመጥሁ።