የሙት ዓመትህን በሬ ባንክ አስገባሁት

ጌችዬ፣ የኔ ጌታ፣

ከተለየኸኝ ዓመት ሊሞላ ነው። ሙት ዓመትህ ደርሷል። እንዴት ነህ ብዬ አልጠይቅህም፤ ያለህበትን የሚያውቀው እሱ አንድዬ ነው። እኔን ብትጠይቀኝ ግን ደህና አይደለሁም። እንዲህ የሚያንገበግበኝ ኀዘኑ ብቻ አይደለም፤ ኀዘኑ ባይለቀኝም እየለመድኩት ነው። ተናድጄ ነው። እኔ ስናደድ ደግሞ ታውቀኛለህ፤ ላንተ ሳልዘከዝከው አይወጣልኝም። በሕይወት ብትኖር ጋዜጣህን ከእጅህ ቀምቼ እነግርህ ነበር። ዛሬ ጋዜጣ የምቀማው ሰው ስለሌለኝ ጻፍኩልህ።

መጀመሪያ የቤትህን ወሬ ልንገርህ። ልጅህ ቤቲ ተመርቃ ሥራ ያዘች። ቸርችል ላይ ካሉት ቢሮዎች ባንዱ ነው የምትሠራው። ጠዋት ቁልቁል ስትወርድ በመስኮት አያታለሁ፤ አረማመዷ ቁርጥ አንተን ነው። በመጀመሪያ ደመወዟ ለኔ ጫማ ገዛችልኝ፣ ለጊዮርጊስ ደግሞ ባንተ ስም ጧፍ አስገባች። ሱቄም አለች። ክሩም ዚፑም አዝራሩም እንደተደረደረ ነው፤ ገዢው ነው የተበተነው። ሰፈሩ ሲፈርስ ልብስ ሰፊዎቹ ደንበኞቼ አንዱ አያት፣ አንዱ ኮዬ ሄዷል። አልፎ አልፎ ናፍቆት ሲያመጣቸው ብቅ ይሉና አንድ ጥቅል ክር ገዝተው ግማሽ ቀን አውርተው ይመለሳሉ።

ሌላው ደግሞ፣ እንዳትቆጣ፣ መኝታ ቤታችንን አከራየሁት። ተከራይዋ ስድስት ኪሎ የምታስተምር ጨዋ ሴት ናት። እኔና ቤቲ ሳሎን ነው የምንተኛው። ቁም ሳጥንህ በሩ ስር ተገትሮ የገባ የወጣውን ሁሉ ትከሻውን ይገጫል። ቁልፉን የተረከብን ቀን ግድግዳውን በጣትህ እያንኳኳህ "የራሴ ግድግዳ" ትል የነበረው ትዝ ይለኛል። አሁን ከዚያ ግድግዳ ማዶ የማላውቃት ሴት ትተኛለች፤ እኔም እንዳልረብሻት ቀስ ብዬ ነው የማለቅሰው።

ለምን አከራየሽው ትለኝ ይሆናል። ባንኩ ነዋ!

አርባህ እንደወጣ ከባንክ ተደወለልኝ። ወንድምህን ጋሽ ተስፋዬን ይዤ ሄድኩ። የብድር ክፍሏ ልጅ ነፍሳቸውን ይማር ብላ አስቀመጠችንና ነገሩን አስረዳችን። ብድሩ የተሰጠው ባንተ ደመወዝ ነው፤ ጡረታህ ብቻውን አይበቃም። ስለዚህ የመክፈያው ዘመን እንደገና ሃያ ዓመት ይሁንላችሁ፣ የወሩም ክፍያ ይቀንስላችኋል፣ ልጅዎ ቤተልሔም ግን አብራ ተበዳሪ ሆና ትፈርም አለችን። ጋሽ ተስፋዬ እሰይ ብለው ሊመርቋት ተነሡ። እኔም ለጊዜው ደስ አለኝ፣ ምን እዋሻለሁ። ይቀንሳል ሲሉኝ እኮ ነው።

ከዚያ እንዲያው ለወጉ ያህል፣ ለመሆኑ ስንት ቀረን ብዬ ጠየቅኋት።

ጌችዬ፣ ሰባት ዓመት ከፍለናል። አንድ ወር እንኳ አላሳለፍንም። እኔ በልቤ ግማሹ ሊያልቅ ነው እያልኩ የኖርኩ ሴት ነኝ። ልጅቷ ኮምፒዩተሯን ወደኔ አዞረችልኝ። ከተበደርነው ላይ የቀነስነው አንድ አሥረኛውን እንኳ አይሞላም! ተሳስተሽ ይሆናል የኔ ልጅ፣ እስቲ ደግመሽ እዪው አልኳት። አልተሳሳተችም። በየወሩ ከምንከፍለው ላይ መጀመሪያ ወለዱ ይነሣል፤ ከዋናው ብድር ላይ የሚቀነሰው ከወለዱ የተረፈው ፍርፋሪ ነው። በዚሁ ሃያውን ዓመት ብንጨርስ የተበደርነውን ከሦስት እጥፍ በላይ አድርገን ነው የምንመልሰው። ለራሳችን አንድ ቤት ስንገዛ ለባንኩ ሁለት ቤት እየሠራን ነበር ማለት ነው።

ያልጠረጠረ ተመነጠረ ይላሉ። እኛ ምኑን እንጠርጥር? ብድሩ የተፈቀደ ቀን ሰው ሁሉ እንኳን ደስ ያላችሁ ብሎ መጣ፣ ጋሽ ተስፋዬ መረቁን፣ ጎረቤት ብርጭቆና ትሪ ይዞ ገባ። ሁሉም የጠየቀን አንድ ነገር ነው፤ በወር ስንት ነው የምትከፍሉት አለን። በጠቅላላው ስንት ትከፍላላችሁ ያለን አንድ ሰው አልነበረም። እኔ ነጋዴዋ እንኳ አላልኩም። አንድ ካርቶን ዚፕ ስገዛ ከነማጓጓዣው ስንት አረፈብኝ ሳልል ዋጋ አልቆርጥም፤ ቤት ስንገዛ ግን ማን ይጠይቅ! ካርታው ባንክ ተቆልፎበት እኛ የቤት ባለቤት ሆንን ብለን በግ አረድን። ላም አለኝ በሰማይ!

ልጅቷን ከዚያ በኋላ የጠየቅኋት ነው ግን ያበገነኝ። አንተ እቁብ በወጣልህ ቁጥር ጠቅላላውን ወስደህ ባንክ ታስገባ አልነበር? ሱሪህ ተጣፍቶ፣ ቤቲ ጫማ ጠብቧት፣ እቁቡ ግን ሳይሸራረፍ ባንክ ይገባ ነበር። ዕዳውን ገዘገዝኩት ትለኝ ነበር። ያ ገንዘብ የታለ አልኳት። የቀጣዮቹ ወራት ክፍያ ተደርጎ ተይዟል አለችኝ። ለዋናው ይቀነስልኝ ብሎ በማመልከቻ ያልጠየቀ ሰው ያስገባው ገንዘብ ወሩ እስኪደርስ ይቀመጣል፣ ወሩ ሲደርስም እንደ ወትሮው ወለዱ መጀመሪያ ይነሣለታል። ከዋናው ላይ ቀድሞ የተነካ ነገር የለም።

አንድ መስመር ማመልከቻ፣ ጌችዬ! ለዋናው ይሁን የምትል አንዲት መስመር! በዚያ ሁሉ ዓመት እዚያ መስኮት ላይ ቆመህ ገንዘብ ስትቆጥር ይችን ነገር የነገረህ አንድ የእናት ልጅ ጠፋ?

አንተ ባንኩን እንደ እቁባችን ነው ያየኸው። እቁብ ላይ አስቀድሞ የጣለ ሰው የተመሰገነ ነው፤ የጣለው የራሱ ነው፣ የቀረበትንም ያውቃል፣ ወለድ የሚባል ነገር የለ። አንተም አስቀድሜ ከፈልኩ ብለህ ለጥቂት ወር እፎይ ትል ነበር። እነዚያን ወራት እኔም እወዳቸው ነበር። በእግርህ የምታዘግመውን ቸርችልን በታክሲ ትወጣለህ፣ ኬክ ቤቱ ባንኮኒ ላይ ተደግፈህ ከጓደኞችህ ጋር ማኪያቶህን ትጠጣለህ፣ ለኔም ኬክ በካርቶን አስጠቅልለህ ሱቄ ድረስ ታመጣልኛለህ። ወራቱ ሲያልቁ ደግሞ ማኪያቶው ቀርቶ በእግር መሄዱ ይጀምራል። የአራዳ ልጅ ነኝ ትል ነበር፤ ባንኩ ነበር አራዳው።

ቤቱን መግዛትህን አልጠላሁም፣ እንዳይመስልህ። ሰው ሁሉ ዳር ዳሩን ሲሄድ አንተ ከፒያሳ አልርቅም ብለህ እዚህ አሮጌ ፎቅ ላይ ሁለት ክፍል ባትይዝልን፣ ዛሬ እኔም ከደንበኞቼ ጋር ተበትኜ ነበር። ሰዎችም ይህንኑ ይሉኛል፤ ቤቱ ዛሬ ስንት እጥፍ አወጣ፣ ምን ያናድድሻል ይሉኛል። ልሸጠው ነው እንዴ? ሸጬስ የት ልገባ? ደግሞ የቤቱን መወደድ የሚያወሩልኝ ሰዎች አንተ ያወጣኸውን አያውቁም። ደረቴን ወጋኝ ስትለኝ፣ ሂድና ታይ ስልህ፣ የዚህ ወር ክፍያ ይለፍ እንጂ አላልከኝም? በሚቀጥለውም ወር ይህንኑ አልክ። እኔ ይህን ይቅር አልልም። ባንኩንም፣ አንተንም።

ይልቅስ የሚያስቀውን ልንገርህ። ቤቱ የእሳት ኢንሹራንስ አለው። የግድ ነው ብለው በየዓመቱ ሲያስከፍሉን አልነበር? ከፋዩስ ቢሞት የሚል ኢንሹራንስ አልነበረም ወይ አልኳት ልጅቷን። ለሚፈልግ ሰው ነበረ፣ እሳቸው ግን አልገቡም አለችኝ። ግድግዳው የግድ፣ ሰውየው በፈቃዱ! እዚያው ወንበሩ ላይ ሳቄ መጣ። ጋሽ ተስፋዬ አበደች ብለው ውኃ አስመጡልኝ።

የሚፈረመውን ወረቀት ይዘን ወጣንና ቤት ቁጭ ብዬ አሰላሁት። ይቀንሳል የተባለው ክፍያ ከአሥር ብር ላይ አንድ ብር እንኳ አይሞላም። ለዚያች ሰባት ዓመት ይጨመርብናል፤ ያን ሁሉ የከፈልነውን ሰባት ዓመት እንዳልከፈልን ቆጥረን ሀ ብለን እንጀምር ማለት ነው። ሃያ ዓመት ሲያልቅ ቤቲ አርባዎቹ ውስጥ ትገባለች። ትምህርቷን ልቀጥል ብትል ዕዳ አለባት፣ ትዳር ብትይዝ ዕዳ ይዛ ነው የምትገባ። እሷ ደግሞ ያንተው ልጅ ናት፤ አባዬ የጀመረውን እኔ ልጨርሰው ብላ እስክሪብቶ አውጥታ ወረቀቱ ላይ አጎነበሰች። እስክሪብቶውን ነጠቅኋት። አንተ ካረፍክ ወዲህ ጮኼባት አላውቅም ነበር፤ ያን ዕለት ፎቁ እስኪሰማ ጮህኩባት። እሷም አለቀሰች፣ እኔም አለቀስኩ፣ ወረቀቱ ግን አልተፈረመም። ባንኩን ጊዜ ስጡኝ ብዬ መኝታ ቤቱን ያከራየሁት ያኔ ነው። በኪራዩና በሱቋ እየተንገዳገድኩ ከፈልኩ።

አሁን ባለፈው ወር የኔ እቁብ ወጣ። ጋሽ ተስፋዬ ወሬው ደረሳቸውና በማግስቱ መጡ። ሙት ዓመትህን አስበውታል፤ ድንኳን፣ በሬ፣ ጠላ፣ የሥጋ ዘመድ ሁሉ ከያለበት ይጠራል። ልጅቱም ትፈርም፣ ወጣት ናት፣ ጉልበት አላት አሉ። አይ ጋሼ፣ ጊዮርጊስ ጸሎቱን አስደርጋለሁ፣ ለነዳያን ዳቦ እሰጣለሁ፣ ገንዘቡ ግን ለዋናው ዕዳ ነው የሚገባው አልኳቸው። እንዴት እንደተቆጡ! የወንድሜን ሙት ዓመት በዳቦ ብለው ብርጭቆውን አስቀመጡት። አወቅሽ አወቅሽ ሲሏት የባሏን መጽሐፍ አጠበች ብለውኝ ወጡ። ከዚያ ወዲህ ዘመድም በሙሉ አኩርፎኛል፤ ባሏን ለባንክ አበላችው ይሉኛል አሉ። ማን ነው ያበላህ? እኔ ነኝ?

ጌችዬ፣ እውነቱን ልንገርህ፣ አንድ ሌሊት ሙሉ አመንትቻለሁ። አንተ ሰው ማብላት ትወድ ነበር። ድንኳን ሳልጥልልህ መቅረቴ አንጀቴን በልቶታል። ቤቲ አጠገቤ ተኝታ፣ ክንዷን እንደ ልጅነቷ ጭንቅላቷ ስር አድርጋ ሳያት ግን ልቤ ቆረጠ።

ጠዋት ባንክ ሄድኩ። ማመልከቻዬን ራሴ ጻፍኩ፤ ይህ ገንዘብ ለዋናው ብድር ብቻ ተቀናሽ ይሁንልኝ ብዬ ከሥሩ አሰመርኩበት። የሱቄን ንግድ ፈቃድና የኪራዩን ውል አስቀመጥኩላቸው፤ ተበዳሪዋ እኔ ነኝ፣ ልጄ የለችበትም፣ ዘመኑም አይራዘም አልኳቸው። አመላለሱኝ። አለቃ ጋ ግቢ፣ ነገ ተመለሺ፣ ይህ ይጎድላል አሉኝ። ሱቄን እየዘጋሁ ተመላለስኩ። በመጨረሻ ተቀበሉኝ። ልጅቷ አዲሱን የመክፈያ ሠንጠረዥ ስታሳየኝ፣ በዚያች በአንድ እቁብ ከመጨረሻው ላይ ሦስት ዓመት ከምናምን ተቆርጧል። ደስ ሊለኝ ሲገባ እንደገና ነደደኝ። ያንተ እቁቦች ሁሉ እንዲህ ገብተው ቢሆን ኖሮ ስንት ዓመት ይቆረጥ ነበር? አንተስ ስንቱን ወር ሐኪም ጋ በሄድክበት?

ከእንግዲህ ሱቄ መጥቶ ቤት ልገዛ ነው፣ ባንክ ፈቀደልኝ የሚለኝን ሰው ሁሉ እንኳን ደስ ያለህ ከማለቴ በፊት በጠቅላላው ስንት አረፈብህ እለዋለሁ። ደስታ አታውቅም ይበሉኝ። የታሪኩ ባለቤት ጌታቸው ይባላል፣ ባሌ ነው ብዬ ያንተን ነገር ከነእቁቡ አጫውታቸዋለሁ። ስምህን የማነሣበት አንዱ መንገድ ይህ ነው።

ሌላውን ደግሞ ስማኝ። ካርታው ከባንክ በወጣ ቀን ድንኳን አስተክላለሁ። በሬውን ጋሽ ተስፋዬ ራሳቸው መርጠው ይግዙ፤ ያኮረፈውም ዘመድ ይምጣና ይብላ። እግዜር ዕድሜውን ከሰጠኝ እኔ አስተናግዳለሁ፤ ካልሰጠኝም ለቤቲ ነግሬያታለሁ። ተዝካርህ ያን ቀን ነው። እስከዚያ የክርስትና ስምህን በየወሩ ጊዮርጊስ አስጠራለሁ፣ ወጥቼም እየተማረርኩ ባንኩን እከፍላለሁ። አልረሳህም ጌችዬ። ልጅህም ሳትፈርም ታስታውስሃለች።

ሚስትህ አልማዝ