ከካሳ ጋር የተቆራኘሁበት ግንቦት

ይድረስ ለምወድዎና ለማከብርዎ እናቴ ለወይዘሮ ተዋበች። ለመሆኑ እንዴት ሰነበቱ? ጉልበትዎስ፣ ዓይንዎስ? የጎንደር ውሃ ተስማማዎ? አራሷ እህቴ ቦጋለችስ በረታች? ሕፃኑስ ክርስትና ተነሣ? እኛ አምላክ ይመስገን፣ ከናፍቆትዎ በቀር ምንም አልጎደለብንም።

ነጋዴዎች “ፈንታ በሰንሰለት ታስሮ አየነው” ብለውዎት እህል አልቀምስ ማለትዎን ሰማሁ። ወሬ ሲነግሩህ ሐሳብ ጨምርበት ነውና ይረጋጉ። መታሰሬ እውነት ነው፤ የታሰርኩት ግን ከጎረቤታችን ከካሳ ጋር ነው።

እንደሚያውቁት እኔም ካሳም ያለን አንድ አንድ በሬ ነው፤ አቀናጅተን በየተራ እናርሳለን። ዘንድሮ የማን ማሳ ይቅደም በሚል ተጣላንና ካሳ አርብ ገበያ ችሎት ድረስ ሄዶ ከሰሰኝ። ዳኛው ቀጠሮ የሰጡን ለግንቦት ተክለሃይማኖት፣ የደብራችን ንግሥ ለሚውልበት ቀን ነው። ታቦት በወጣበት ቀን ችሎት የሚቀመጥ ዳኛ አለ ብዬ እኔ ሞኙ መች ጠረጠርኩ! ሆ እያልኩ ስጨፍር ዋልኩ። ካሳ ግን ታቦቱን ጥሎ ሄዶ ችሎት ፊት ስሜን ሲያስጠራ ውሏል። በማግስቱ “አስራችሁ አምጡት” ተብሎ ሁለት ወታደሮች ደጄ ላይ ቆሙ።

ዳኛው ዋስ ጥራ አሉኝ። ማንን ልጥራ? እኔ ብጠፋ የሚታሰረው ዋሱ ነው፤ አንዴ ከቀጠሮ ለቀረ ሰው ማን ይደፍራል? አጎቴ ንጉሴ ወገቤን አመመኝ አሉ። የምራትዎ የአልጣሽ ወንድም ደግሞ ወገዳ ገበያ ሄዷል ተባለ፣ ገበያ በማይውልበት ቀን! ዋስ ያጣ ተከሳሽ ከከሳሹ ጋር ይቆራኛልና የኔን ቀኝ እጅ ከካሳ ግራ እጅ ጋር በአንድ ሰንሰለት ቆልፈው ሰደዱን።

እናቴ፣ ከተጣሉት ሰው ጋር መቆራኘት እንዴት ያለ ጉድ ነው! እኔ ወደ በረት ስል እሱ ወደ ቤት ይላል። ከሚስቱ ከየሺ ጋር ሲነታረኩ መሃል ተቀምጬ እሰማለሁ፤ እሷም ፍረድ እንጂ ትለኛለች። ከሁሉ የባሰው ካሳ ሊናዘዝ የሄደ ዕለት ነው። የንስሐ አባቱ አባ ተክለ ማርያም “አንተ ጆሮህን ድፈን” አሉኝ። አንድ እጅ ታስሮ ሁለት ጆሮ በምን ይደፈናል? የሰማሁትን እዚህ አልጽፍም፤ ሲመጡ እነግርዎታለሁ።

ሳቁ የቀረው ዝናቡ ሲጥል ነው። ተቆራኝተን እርፍ ብንይዝ በሬዎቹ ደንብረው በጭቃ ላይ ጎተቱን። የሁለታችንም ማሳ ጦም ሊያድር ሆነ። ልጆቼ ምን ሊበሉ ነው ብዬ፣ አልደብቅዎትም፣ አለቀስኩ። ካሳ ይህን አይቶ ወደ አርብ ገበያ ይዞኝ ነጎደ። ዳኛው ፊት ቆሞም “ዋሱ እኔ ነኝ” አለ። ከሳሹ አይደለህም ወይ ቢሉት፣ “ከሳሹም ዋሱም እኔው ነኝ፤ ብቻ ፍቱን” አለ። ችሎቱ በሳቅ አውካካ። ዳኛውም ሰንሰለቱን አስፈትተው ሌላ ቀጠሮ ሰጡን።

አዲሱ ቀጠሮ ሲደርስ ካሳን እንዳላሳስረው ብዬ በጠዋት ገሰገስኩ። እሱ ቅደም፣ እደርሳለሁ ብሎኝ ነበር። ስሙ ቢጠራ የለም። ዳኛው ተቆጥተው እሱንም አስራችሁ አምጡ ሊሉ ሲሉ ተነሣሁ። ጠዋት ስወጣ ሁለቱን በሬዎች ጠምዶ ሲያርስ አይቼዋለሁ አልኩ። የማንን ማሳ ነው የሚያርሰው አሉኝ። የኔን አልኳቸው። ዳኛውም እንግዲያው ለካሳ ዋስ የሚሆን ማነው ብለው ጠየቁ። እኔ ነኝ አልኩ።

አልጣሽ ጉልበትዎን ትስማለች። ማሚቴ ጥርስ አወጣች፤ እየነከሰች አስቸግራናለች። ካሳና የሺ እጅ ይነሣሉ። ለቦጋለችና ለባሏ ለዳኛቸው ሰላምታዬን ያድርሱልኝ፤ ሕፃኑን ስለኔ ይሳሙት። እባክዎ እህል ይቅመሱ።

ልጅዎ ፈንታ
ታች ጋይንት፣ ሰኔ ፳፩ ቀን ፲፱፻፲፭ ዓ.ም.